ከቀራንዮ መንገድ ዳር እስከ ምሳ ዕቃችን

የዛሬው ዓምዳችን ከጦር ኃይሎች ወደ ምዕራብ ይወስዳችኋል። መንገዱ ሩቅ አይደለም፤ የሄድኩበትም ጉዳይ ታላቅ የሚባል አልነበረም። የሄድኩት ለባጊያ ብዬ ነው።

ነገሩ የተጀመረው ከቤቴ ነው። ዓቢይ ጾም ከገባ ጀምሮ አሥር ዓመት የሆናት ልጄ ምሳ ዕቃዋን ሳትነካው መልሳ ማምጣት ጀመረች። ሽሮ በእንጀራ ተጠቅልሎ እስከ ቀትር ሲቆይ እንዴት እንደሚረጥብ እኔም በልጅነቴ ቀምሼ ስለማውቀው አልተቆጣኋትም። "ታዲያ ምን ልቋጥርልሽ?" ብላት፣ ከጎኗ የምትቀመጠው ልጅ ባጊያ ይዛ እንደምትመጣ፣ አንዷን እንዳካፈለቻትና ሲነክሷት "ቀጭ" እንደምትል ነገረችኝ። ከሥራ ስመለስ ግማሽ ኪሎ ሽንብራ ገዛሁ። ሌሊቱን ዘፍዝፌ፣ በማግሥቱ እስኪበስል ቀቅዬ፣ ፈጭቼ፣ ሽንኩርትና ቃሪያ ጨምሬ አድቦለቦልኩና ከጋለ ዘይት ውስጥ ጨመርኩት። የመጀመሪያዋ አንድ ጊዜ ተገላበጠችና ተበተነች። ሁለተኛዋም እንዲሁ ሆነች። ሦስተኛዋን ስጨምር መጥበሻው ሙሉ የሽንብራ ሾርባ መሰለ። ዘይት በስንት እንደሚገዛ የምታውቅ እናት በዚያ ምሽት ምን እንደተሰማኝ ማስረዳት አያሻኝም። (ዋጋውን እዚህ ብጽፈው ጋዜጣው ታትሞ እጃችሁ እስኪገባ ድረስ ሊለወጥ ስለሚችል ትቼዋለሁ።)

በማግሥቱ ለአንዲት የሥራ ባልደረባዬ ባጫውታት ከልቧ ሣቀች። እሷ የምትኖረው ቀራንዮ ነው። "እኛ ሠፈር መንገድ ዳር ባጊያ የሚጠብሱ አንዲት እናት አሉ። ሽንብራ ሲቀቅሉ ግን አይቼ አላውቅም" አለችኝ። ምክንያቱን ብጠይቃት እሷም አታውቀውም። እንግዲህ በአንድ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ማስታወሻ ደብተሬን ይዤ ተነሣሁ።

ከተማችንን ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ የሚያቋርጠውና በ2008 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው ቀላል ባቡር መጨረሻው ጦር ኃይሎች ነው። ከዚያ በኋላ ያለው የታክሲ መንገድ ነው። ረዳቱ "ቀራንዮ! ቀራንዮ! የሞላ!" እያለ ይጣራል፤ ታክሲው ግን ገና ባዶ ነው። ቀራንዮ በወንጌል "የራስ ቅል ስፍራ" ተብሎ የተተረጎመው የስቅለቱ ቦታ ስም መሆኑን አብዛኞቻችን እናውቃለን፤ በታክሲ ረዳት አፍ ሲጠራ ግን ማንም ልብ የሚለው የለም። ሠፈሩ የመድኃኔዓለም ቤተ ክርስቲያን ያለበት ነው፤ ወሩ 27 ሲል፣ በተለይም በመጋቢት 27 በዓለ ስቅለት፣ መንገዱ ነጠላ በለበሰ ሰው ይሞላል። ስሙን ከኮልፌ ጋር አጣምሮ የያዘው ክፍለ ከተማ ደግሞ ሰፊ ነው። አየር ጤናም፣ ዓለም ባንክም፣ ቤተልም በውስጡ ናቸው። ኔልሰን ማንዴላ በ1954 ዓ.ም. ወታደራዊ ሥልጠና የወሰዱት በዚሁ በኮልፌ ነበር። ያን ጊዜ ሠፈሩ የከተማው ዳርቻ ነበር፤ ዛሬ ግን ከተማው ከዚያ አልፎ ሄዷል።

ቀራንዮ ስደርስ አሥር ሰዓት ሊሆን ጥቂት ቀርቶታል። ወደ ምዕራብ ቀና ሲሉ ወጨጫ ተራራ ይታያል። የጭቃ ቤቶችና አዳዲስ ፎቆች ጎን ለጎን ቆመዋል፤ በመካከላቸው የቀሩት ባሕር ዛፎች ጥቂት ናቸው። ባልደረባዬ የነገረችኝን ቦታ ለማግኘት ማንንም መጠየቅ አላስፈለገኝም፤ ሽታው ጠራኝ። ነጭ ሽንኩርትና ድንብላል ከጋለ ዘይት ሲገናኙ የሚሰጡት ሽታ ነው።

ሴትዮዋ ዕድሜያቸው ከሃምሳ ከፍ ይላል። አራት እንጨት ላይ ከተወጠረ ላስቲክ ሥር በዱካ ተቀምጠው፣ ከፊታቸው የከሰል ምድጃ፣ በምድጃው ላይ ጎድጓዳ መጥበሻ፣ በግራቸው ሊጡን የያዘ በጨርቅ የተሸፈነ ባልዲ አለ። እጃቸውን በውኃ ነከር አድርገው ሊጡን ይቆነጥራሉ፤ በመዳፋቸው ጠፍጠፍ አድርገው በመጥበሻው ጠርዝ ያንሸራትቱታል። አይወረውሩም። "እትዬ፣ እንደምን ዋሉ?" ብዬ አጠገባቸው ቆምኩ። "እግዚአብሔር ይመስገን፣ ልጄ። ስንት ላድርግልሽ?" አሉኝ ቀና ሳይሉ።

ሰዓቱ የግፊያ ሰዓት ነበር። የዚያን ሰሞን ረመዳን ከዓቢይ ጾም ጋር ተገናኝቶ ነበር። በ2016 ዓ.ም. ሁለቱ ጾሞች መጋቢት 2 ቀን በአንድ ዕለት ገብተው እንደነበረ አንባብያን ታስታውሳላችሁ፤ ከዚያም ወዲህ እንዲሁ ተደራርበው ሰንብተዋል። ባጊያ ሥጋም፣ ወተትም፣ ቅቤም፣ እንቁላልም ስለሌለው ለክርስቲያኑ ጾም ይሆናል፤ ለሙስሊሙ ደግሞ ከሳምቡሳና ከቴምር ጎን የማፍጠሪያ ማዕድ ላይ የሚቀመጥ ነው። ከሴትዮዋ ፊት በተሰለፉት መካከል ነጠላ ያጣፉ እናት ጾማቸውን እዚያው ሊፈቱ ዳቦ ይዘው ቆመዋል፤ ከኋላቸው ሂጃብ የለበሰች ወጣት ሃያ ባጊያ በሳህን አስይዛ ወደ ቤቷ ልትወስድ ትጠብቃለች። ከሕንፃ ሥራ የወጡ ሦስት ወጣቶች ደግሞ በዳቦ አስገብተው ቁመው ይበላሉ። ዳጣው በትንሽ ብልቃጥ ለሁሉም አንድ ነው።

ተራዬ ሲደርስ አራት ገዛሁ። የተጠቀለለችልኝ በጋዜጣ ነው። ገለጥ ሳደርገው የገዛ ጋዜጣችን ሆኖ አገኘሁት፤ ዘይት የጠጣው ገጽም ይኸው የሴቶችና የቤተሰብ ዓምድ ነበር። ለሴትዮዋ ባሳያቸው ሣቁና "ታዲያ አንብቦ ሲጨርስ ይበላል፤ ምን ከፋው?" አሉ። ጨዋታው ደስ ቢለኝም አንድ ነገር ሳልናገር ማለፍ አልቻልኩም። የጋዜጣ ቀለም ለምግብ የተሠራ አይደለም፤ ትኩስና ዘይት ያለበት ነገር ሲነካው ቀለሙ ወደ ምግቡ ያልፋል። በቤታችሁ ባጊያ ስትሠሩ ያልታተመበት ንጹሕ ወረቀት፣ ይልቁንም ወንፊት ተጠቀሙ። ወንፊት ከወረቀት የሚሻልበትን ምክንያት ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

ባጊያዋ ቀጭ አለች። ቅርፊቷ ቡናማና ሻካራ፣ ውስጧ አረንጓዴ ነጠብጣብ ያለበትና ለስላሳ ነው። እውነቱን ለመናገር ሁለተኛዋን እስክጨርስ ድረስ የመጣሁበትን ጉዳይ ረስቼ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለው ግን አስቸገረኝ። የመጣሁት ሙያውን ጠይቄ ለእናንተ ልጽፍ ነው። ሴትዮዋ ደግሞ ሦስት ልጆች ያሳደጉት በዚህ መጥበሻ ነው። የባጊያውን አሠራር በጋዜጣ አውጥቼ እያንዳንዷ እናት በቤቷ ብትሠራ፣ የማንን እንጀራ ነው የማሳጥረው? ዝም ብዬ አይቼ መሄድም አማረኝ፤ ሳይናገሩ የሰው ሙያ መውሰድ ደግሞ ከዚያ የባሰ ሆኖ ታየኝ። ስለዚህ ጋዜጠኛ መሆኔንና የመጣሁበትን ነገር ሳልደብቅ ነገርኳቸው። ጭልፋቸውን እንደያዙ ትንሽ አዩኝ።

"እኔም የተማርኩት ከሰው ነው" አሉ። "ከድሬዳዋ የመጣች ጎረቤት ነበረችኝ፤ እሷ ናት እጄን ይዛ ያሳየችኝ። አልደበቀችኝም። ጻፊው ግድ የለም። ቤቱ የሚሠራ ይሥራ፤ ሲደክመው እኔ ጋ ይመጣል። ስሜን ግን አታውጪው።" ስማቸውን አላወጣሁም።

ድሬዳዋ መባሉ ከቃሉ ታሪክ ጋር የሚስማማ ነው። ባጊያ የሚለው ስም ከሕንዶቹ "ባጂያ" የመጣ ሲሆን፣ ሱማሌዎችም፣ የስዋሂሊ ተናጋሪዎችም ተቀራራቢ በሆነ ስም ይጠሩታል። ንግድ ከሕንድ ውቅያኖስ ማዶ ያመጣው ስም ነው። ጥራጥሬን በዘይት መጥበስ ግን ለእኛ አዲስ አይደለም። የሽንብራ ዓሣን ያላየ ማን አለ? እናቶቻችን የሽንብራ ዱቄት አቡክተው፣ በዓሣ ቅርፅ ቆርጠው፣ ጠብሰው ወጥ ውስጥ የሚጨምሩት የጾም ምግብ የዚሁ ዘመድ ነው። ግብፆች "ታዕሚያ" የሚሉትን ከባቄላ ይሠራሉ፤ ሶርያና ሊባኖስ ፈላፍሉን ከሽንብራ ያዘጋጃሉ። በናይጄሪያ "አካራ" የሚባለው አለ። በባርነት ተይዘው ወደ ብራዚል የተጋዙ አፍሪካውያን ይህንኑ ይዘው ተሻገሩ፤ ባሂያ በተባለው ግዛት ነጭ ልብስ ለብሰው፣ መንገድ ዳር ተቀምጠው "አካራዤ" የሚጠብሱ ሴቶች እስከ ዛሬ አሉ። የብራዚል መንግሥት የእነዚህን ሴቶች ሙያ በ1997 ዓ.ም. የአገር ባህላዊ ቅርስ አድርጎ መዝግቦታል። ይህን ለሴትዮዋ ነገርኳቸውና "መዝግበው ምን ሰጧቸው?" ብለው ጠየቁኝ። መልስ አልነበረኝም።

አሁን ወደ አሠራሩ።

የእኔ ስሕተት መቀቀሌ ነበር። ሽንብራ ለባጊያ ይዘፈዘፋል እንጂ አይቀቀልም። ጥሬ ሆኖ ሲፈጭ በውስጡ ያለው ስታርች ገና አልበሰለም፤ ዘይቱ ውስጥ ሲገባ ያን ጊዜ በስሎ ሊጡን እንደ ሙጫ ያያይዘዋል። የተቀቀለ ሽንብራ ግን ስታርቹ አስቀድሞ በስሏል፤ በላዩም ብዙ ውኃ ጠጥቷል። ውኃው በጋለው ዘይት ውስጥ ወደ እንፋሎት ተለውጦ ሲወጣ ኳሷን ይበትናታል። ሴትዮዋ ይህን በአንድ ቃል ነው የነገሩኝ፤ "ሁለቴ የሞተ አይነሣም" አሉ።

የሽንብራው ዓይነት ብዙ አያሳስብ። ትንሹ ቡናማም፣ ትልቁ ነጭም ይሆናል። አገራችን ከአፍሪካ ሽንብራ በማምረት ቀዳሚ ናት፤ ገበሬው ክረምቱ ሊወጣ ሲል በጥቁር አፈር ላይ ዘርቶ በቀረው እርጥበት የሚያሳድገው ሰብል ነው። ከደብረ ዘይት የግብርና ምርምር ማዕከል ከወጡት ነጭ ዝርያዎች አንዱ በምንጃር ሸንኮራዋ ከተማ ስም "አረርቲ" ይባላል። ሴትዮዋ ከሽንብራው ላይ ጥቂት የባቄላ ክክ ይጨምራሉ፤ ውስጡን ያለሰልሰዋል ይላሉ።

እኔ በቤቴ የሠራሁበት መጠን ይህ ነው። ግማሽ ኪሎ ሽንብራና ሁለት የቡና ስኒ የባቄላ ክክ ታጥቦ፣ በብዙ ውኃ ለ12 ሰዓት ያህል ይዘፈዘፋል። ሽንብራው በግምት እጥፍ ስለሚሆን ዕቃው ሰፊ ይሁን። ከዚያ ውኃው ይጠለልና ጥሬው በወንፊት ላይ እስኪንጠፈጠፍ ይቆያል። አንድ ትልቅ ቀይ ሽንኩርት፣ አምስት ስድስት ፍንካች ነጭ ሽንኩርት፣ ሁለት ቃሪያ፣ አንድ እፍኝ የድንብላል ቅጠል፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ከሙን አብሮ ይፈጫል። ሴትዮዋ ወፍጮ ቤት ያስፈጫሉ፤ እኔ የሥጋ መፍጫ ተጠቀምኩ። ሙቀጫም ይሠራል፤ ክንድ ይፈልጋል እንጂ። በጁስ መፍጫ የምትሠሩ ውኃ አትጨምሩ፤ ጥቂት ጥቂት እያደረጋችሁ በየመሐሉ እያቆማችሁ ፍጩ። ሊጡ እንደ ሽሮ መላላት የለበትም። በጣት ሲዳሰስ ደቃቅ አሸዋ የሚመስል ሸካራነት ይኑረው፤ በእጅ ሲጨበጥ ግን ይያዝ። ቀጭ የሚለው ቅርፊት የሚመጣው ከዚህ ሸካራነት ነው።

አትክልቱን በሚመለከት ከሴትዮዋ ጋር አልተስማማንም። እሳቸው ካሮት አይጨምሩም፤ "ዋጋው አይቀመስም፣ ደግሞ ውኃ ያመጣል" ይላሉ። የሚሸጥ ሰው እውነት አለው። ለልጆች ምሳ ዕቃ ስንሠራ ግን አንድ ካሮትና ሩብ ጥቅል ጎመን ብናክልበት ጥቅሙ ብዙ ነው፤ ጎመን የማይወድ ልጅ እዚያ ውስጥ አያየውም። ውኃ ያመጣል ያሉት ትክክል ስለሆነ፣ ካሮቱን ፍቃችሁ፣ ጎመኑን አድቅቃችሁ ከትፋችሁ ቁንጥር ጨው ነስንሱበትና ለሩብ ሰዓት ተዉት፤ ከዚያ በንጹሕ ጨርቅ ጥብቅ አድርጋችሁ ጨምቁት። የሊጡን ጨው፣ ማለትም አንድ የሾርባ ማንኪያ የማይሞላ፣ ልትጠብሱ ስትሉ ነው የምትጨምሩት፤ ቀድሞ ከገባ ከአትክልቱ ውኃ አውጥቶ ሊጡን ያላላዋል።

አንድ ብርቱ ማስጠንቀቂያ አለኝ። ሽንብራ ተወደደ ብላችሁ በቀይ ቦሎቄ እንዳትተኩት። ጥሬ ቦሎቄ ሆድን ክፉኛ የሚያውክ መርዛማ ነገር አለው፤ ከአራት ወይም ከአምስት ፍሬ በላይ ሳይበላ እንኳ ማስመለስና ተቅማጥ ሊያስከትል ይችላል። መርዙ የሚጠፋው ተዘፍዝፎ፣ ውኃው ተደፍቶ፣ በአዲስ ውኃ ቢያንስ ለ10 ደቂቃ ሲንተከተክ ነው። በባጊያ ውስጥ ያለው የአምስት ደቂቃ ጥብስ መሐሉን ይህን ያህል አያበስለውም።

መጥበሻው ጎድጓዳ ይሁን፤ ዘይቱ ከሲሶው አይበልጥ። ሙቀቱን ለመፈተን የሊጥ ቁራጭ ጣል አድርጉ፤ ወዲያው አረፋ ከቦት ከተንሳፈፈ ደርሷል፣ ከሥር ከተቀመጠ ገና ነው፣ ጭስ ከታየ ደግሞ ከልክ አልፏል። ባጊያውን በመዳፍ ጠፍጠፍ አድርጋችሁ ከአምስት ስድስት በላይ ሳታጨናንቁ ጨምሩ፤ ሲበዛ ዘይቱ ይቀዘቅዝና ባጊያው ዘይት ይጠጣል። ከአራት እስከ አምስት ደቂቃ እያገላበጣችሁ ጠብሱ። ሲወጣ በወንፊት ላይ ይቀመጥ። በወረቀት ላይ የተከመረ ባጊያ በገዛ እንፋሎቱ ከሥር ይለሰልሳል። ዘይቱን አጥልላችሁ በተከደነ ዕቃ ብታስቀምጡ እንደገና ይሠራል፤ ከጠቆረ፣ ከወፈረ፣ አረፋው አልጠፋ ካለ ወይም ገና ሳይግል መጨስ ከጀመረ ግን መጨረሻው ነው። ለመድፋት ልብ እንደማይሰጥ ዐውቃለሁ። እኔም ያን የሽንብራ ሾርባ የመሰለውን ዘይት ሁለት ቀን አስቀምጬው ነበር።

ልጆች በዙሪያው ካሉ የመጥበሻው እጀታ ወደ ግድግዳ ይዙር። ዘይት እሳት ከያዘ ውኃ አትድፉበት፤ እሳቱን ያስፋፋዋል። ምድጃውን አጥፍታችሁ በክዳን ክደኑት። የተቃጠለን ቆዳ በቀዝቃዛ የሚፈስ ውኃ ሥር ለ20 ደቂቃ ያዙት። ቅቤም ሆነ የጥርስ ሳሙና አትቀቡት።

ለሠራተኛ እናት ዋናው ነገር ሰዓቱ ነው። እኔ ጠዋት ከቤት ስወጣ ሽንብራውን እዘፈዝፋለሁ፤ ማታ ፈጭቼ ያለ ጨው ማቀዝቀዣ ውስጥ አስቀምጣለሁ፤ በማግሥቱ ማለዳ ጨው ጨምሬ እጠብሳለሁ። ማቀዝቀዣ የሌላት ጠዋት የዘፈዘፈችውን ማታውኑ ፈጭታ ብትጠብስ ይሻላታል፤ ሊጡ ሜዳ ላይ ሲያድር ይኮመጥጣል። ምሳ ዕቃው ውስጥ ከመግባቱ በፊት ደግሞ ባጊያው ፈጽሞ ይቀዝቅዝ። በትኩሱ ከተከደነ በገዛ ላቡ ይበሰብሳል፤ ያን ጊዜ ከሽሮው አይሻልም። እኔ ይህን የተማርኩት በሁለተኛው ቀን ነው። ልጄ ስትመለስ "ቀጭ አላለም" ብላኝ ነበር።

በሦስተኛው ቀን ምሳ ዕቃዋ ባዶ ሆኖ ተመለሰ። ከጎኗ ለምትቀመጠዋ ልጅም ሁለት እንዳካፈለች ነገረችኝ።

በዚያው ሳምንት ቅዳሜ ከሠራሁት ስምንት በንጹሕ ወረቀት ጠቅልዬ ወደ ቀራንዮ ተመለስኩ። ሴትዮዋ እንደ ወትሮው ከምድጃቸው ኋላ ነበሩ፤ ሰልፉም አልቀነሰም። አንዷን አነሡና በጥፍራቸው ቅርፊቷን መታ መታ አደረጉ፤ ከዚያ ለሁለት ከፍለው ውስጧን አዩ፤ ካሮቱን ሲያዩ ቅንድባቸውን አነሡ። ቀምሰው ትንሽ ቆዩ።

"ጨው አንሷታል" አሉኝ። ሌላዋንም ግማሽ ነክሰው፣ የተረፈውን ለመጪው ደንበኛ አቀበሉና እጃቸውን ከውኃው ነክረው ወደ ሊጣቸው ተመለሱ።